ኢሙሌተሩ «ባዮስ የለም» ሲል ምን ጎድሎት ነው?

አዳማ ውስጥ በስልኩ የድሮ ፕሌይስቴሽን ጌም መጫወት የሚጀምር ልጅ ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ይቆማል። ኢሙሌተሩን፣ ማለትም የድሮውን ማሽን አስመስሎ የሚሠራውን ፕሮግራም አውርዷል። ጌሙን ከጓደኛው ተቀብሏል። ሲከፍተው ግን ባዮስ አልተገኘም የሚል ጽሑፍ ይመጣና ነገሩ እዚያው ያልቃል። ከዚያ ወይ ፍራንኮ አካባቢ ካሉት ሞባይል ቤቶች ወደ አንዱ ይሄዳል፣ ወይ ቴሌግራም ላይ ባዮስ የሚል ስም የተሰጠውን ፋይል ሁሉ ያወርዳል። አንዱ ይሠራል። ሌላው አይሠራም። ሌላው ደግሞ ስልኩን በማስታወቂያ ያጥለቀልቀዋል።

እኔ ኮምፒውተርና ጌም ማሽን ስለምጠግን ጥያቄው ደጋግሞ ይደርሰኛል። «ጋሼ፣ ባዮስ ብቻ ይጫኑልኝ» ይሉኛል። መጫኑ ቀላል ነው። ምን እንደሆነ ሳያውቁ መጫኑ ነው ችግር የሚያመጣው። ስለዚህ ከሥሩ ጀምረን እንየው። ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ቺፗ ውስጥ ያለው

ፕሌይስቴሽን 1 ሲዲ ሳይገባበት ቢበራም ዝም አይልም። ነጩ ስክሪን ይመጣል፣ ያ የሚታወቀው ድምፅ ይሰማል፣ ብርቱካናማው ምልክት ይታያል። ቀጥሎ ሜሞሪ ካርድ የሚያስተካክሉበትና የሙዚቃ ሲዲ የሚያጫውቱበት ገጽ ይከፈታል። ማሽኑ ሃርድ ዲስክ የለውም። ሲዲም አልገባበትም። ታዲያ ይህ ሁሉ ከየት መጣ?

ማዘርቦርዱ ላይ ከተበየደች አንዲት ቺፕ ነው። ውስጧ 512 ኪሎባይት የሚሆን ፕሮግራም አለ። ዛሬ በስልክ ከምናነሳው አንድ ፎቶ ያነሰ ማለት ነው። ፋብሪካ ውስጥ አንዴ ተጽፏል፤ ተጫዋቹ አይቀይረውም፣ አይሰርዘውም። ባዮስ የሚባለው እሱ ነው። ፈርምዌር ሲባል ደግሞ ሰፋ ይላል፤ በማንኛውም ዕቃ ቺፕ ውስጥ ተቀምጦ ዕቃውን የሚቀሰቅስና የሚመራ ፕሮግራም ሁሉ ፈርምዌር ነው። ስልካችሁ ፍላሽ ሲደረግ የሚቀየረው እሱ ነው።

ማሽኑ ሲበራ ፕሮሰሰሩ የሚያውቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ከየትኛው አድራሻ ማንበብ እንደሚጀምር። ፕሌይስቴሽን 1 ላይ ያ አድራሻ የባዮሷ ቺፕ መጀመሪያ ነው። ባዮሱ 2 ሜጋባይቱን ራም ያዘጋጃል። ስክሪኑንና ድምፁን ያስነሳል። ሲዲ መግባት አለመግባቱን ያያል። ሲዲ ካለ፣ እሱ ላይ «ሲስተም» የሚል ስም ያላት ትንሽ የጽሑፍ ፋይል ይፈልጋል። የጌሙ ዋና ፕሮግራም ማን እንደሆነ እዚያ ተጽፏል። ያንን ወደ ራም ይጭንና መሪውን ለጌሙ ይለቃል።

ብዙ ሰው የባዮሱ ሥራ እዚህ ያበቃ ይመስለዋል። አላበቃም። ዋናው ነገር ያለው ከዚህ በኋላ ነው።

ባዮሱ ጌሙን ካስነሳ በኋላ ከራሙ አይወጣም። ከ2 ሜጋባይቱ የመጀመሪያዋን 64 ኪሎባይት ይዞ ይቀመጣል። ጌሙ እየሄደ ሳለ ደጋግሞ ይጠራዋል። ሜሞሪ ካርድ ላይ ሴቭ ለማድረግ ይጠራዋል። ጆይስቲኩ ላይ የትኛው ቁልፍ እንደተነካ ለማወቅ ይጠራዋል። ሲዲ ላይ ያለ ፋይል ለመክፈት ይጠራዋል። ላጤ ተከራይን አስቡት። ፍራሹንና ሻንጣውን ይዞ ይገባል፤ ሙቀጫ፣ መጥረቢያና መሰላል ግን አይገዛም። «እትዬ፣ ሙቀጫ ያውሱኝ» ካለ ከአከራይዋ ያገኛል። የፕሌይስቴሽን ጌም እንደዚያ ተከራይ ሆኖ ነው የተሠራው። ብዙ ዕቃ ይዞ አልመጣም፤ ግቢው ውስጥ እንዳለ ያውቃል።

አጠራሩም የተወሰነ ነው። ጌሙ የሚፈልገውን አገልግሎት ቁጥር ይይዛል። ከዚያ ራሙ ውስጥ ካሉት ሦስት የተወሰኑ አድራሻዎች ወደ አንዱ ይዘላል። ባዮሱ ቁጥሩን አይቶ ሥራውን ይሠራና ይመልሳል። በቁጥር የተደረደረ የአገልግሎት ሰንጠረዥ አለ ማለት ነው። ይህን ሰንጠረዥ ልብ በሉልኝ፤ ቀጥሎ የምነግራችሁ ነገር ሁሉ እሱ ላይ ነው የቆመው።

ኢሙሌተሩ ለምን ይዞት አይመጣም?

ኢሙሌተር የአንድን ማሽን ሃርድዌር በፕሮግራም አስመስሎ የሚሠራ ሶፍትዌር ነው። የፕሌይስቴሽኑን ፕሮሰሰር፣ የሥዕል ቺፑን፣ የድምፅ ቺፑን፣ ሲዲ ማንበቢያውን በኮድ ይተካል። ገንቢዎቹ ይህን የሚጽፉት ማሽኑ እንዴት እንደሚሠራ አጥንተው ነው። ኮዱ የራሳቸው ነው።

ባዮሱ ግን ሃርድዌር አይደለም። ሰው ቁጭ ብሎ የጻፈው ፕሮግራም ነው፤ ባለቤቱም ሶኒ ነው። የፕሮሰሰርን ባሕርይ አጥንቶ ማስመሰል አንድ ነገር ነው። የተጻፈ ፕሮግራምን እንዳለ ገልብጦ ማደል ሌላ ነገር ነው። ስለዚህ እንደ ዳክስቴሽን (የፕሌይስቴሽን 1) እና ፒሲኤስኤክስ 2 (የፕሌይስቴሽን 2) ያሉ ኢሙሌተሮች ቦታውን ባዶ ትተው ይወጣሉ። ባዮሱን ከራሱ ማሽን አውጥቶ የማምጣት ኃላፊነት የተጠቃሚው ነው። «ባዮስ የለም» የሚለው ጽሑፍ ብልሽት አይደለም። ኢሙሌተሩ ራሱ በሕግ ሊሰጣችሁ የማይችለውን ክፍል ከእናንተ እየጠየቀ ነው።

እዚህ ላይ ሁሌም አንድ ጥያቄ ይነሳል። ታዲያ ፒፒኤስኤስፒፒ፣ የሶኒ የእጅ ጌም ማሽን የፒኤስፒ ኢሙሌተር፣ ለምን አይጠይቅም? ጥያቄው ትክክል ነው። ሰፈር ውስጥ የኳስ ጌም በስልክ የሚጫወት ሁሉ ፒፒኤስኤስፒፒን ያውቀዋል፤ ባዮስ የሚባል ነገርም ጠይቆት አያውቅም።

መልሱ ያ የቁጥር ሰንጠረዥ ነው። የፒኤስፒ ጌም አገልግሎት ሲጠራ ፒፒኤስኤስፒፒ ጥሪውን መንገድ ላይ ይይዘዋል። የሶኒን ፕሮግራም ሳያስሄድ ሥራውን በራሱ ኮድ ሠርቶ ውጤቱን ይመልሳል። ተከራዩ ሙቀጫውን አገኘ፤ ያዋሰው ማን እንደሆነ አያውቅም። ይህን ዘዴ ገንቢዎች ኤችኤልኢ ይሉታል። የፒፒኤስኤስፒፒ ሠሪዎች የፒኤስፒን የአገልግሎት ጥሪዎች አንድ በአንድ እያጠኑ የራሳቸውን ምላሽ ጽፈዋል። ፕሮጀክቱ ከ2012 ጀምሮ ለሕዝብ ክፍት ነው። እናንተ ሳትጨነቁ የምትጫወቱት እነሱ ዓመታት ስለደከሙበት ነው። ይህን ማወቅ ያስፈልጋል ብዬ አምናለሁ።

ለፕሌይስቴሽን 1ም እንዲህ ያለ ተተኪ አለ። ስልክ ላይ ብዙ ኢሙሌተሮችን አንድ ላይ በሚይዘው አፕ፣ በሬትሮአርች በኩል የሚሠራው ፒሲኤስኤክስ ሪአርምድ እውነተኛ ባዮስ ካላገኘ በራሱ ተተኪ ይቀጥላል። ኦፕንባዮስ የሚባልም አለ፤ ከባዶ የተጻፈና ማንም በነፃ ሊጠቀምበት የሚችል የፕሌይስቴሽን 1 ባዮስ ነው። ብዙ ጌም በእነዚህ ይሄዳል። ግን ሁሉም አይሄድም። ምክንያቱ ሲገባችሁ ባዮስ ለምን እንደዚህ እንደሚፈለግም ይገባችኋል።

አንዳንድ የጌም ሠሪዎች የተፈቀደላቸውን የቁጥር ሰንጠረዥ ብቻ አልተጠቀሙም። በቀጥታ ባዮሱ ውስጥ ገብተው የሆነ ቦታ ላይ ያለ መረጃ ያነባሉ። ለምሳሌ ባዮሱ ውስጥ የጃፓንኛ ፊደላት ሥዕል ተቀምጧል። ጽሑፍ ለመጻፍ እነዚያን ፊደላት የሚጠቀሙ ጌሞች አሉ። ተተኪው ባዮስ ፊደሎቹ ከሌሉት ጌሙ ይከፈታል፣ ጽሑፉ ግን አይታይም። ሌላው ደግሞ የጊዜ ጉዳይ ነው። እውነተኛው ባዮስ አንድን ሥራ ለመጨረስ የሆነ ያህል ጊዜ ይፈጅበታል። ተተኪው ወዲያው ሲመልስለት ጌሙ ግራ ይጋባል። ሜሞሪ ካርድ ላይ የሚታየው ችግር ብዙ ጊዜ ከዚህ ዓይነቱ ነገር ይመጣል። ስለዚህ ጌማችሁ ሴቭ አላደርግ ካለ ወይም መሃል ላይ ከቆመ፣ ጌሙን ከመውቀሳችሁ በፊት በየትኛው ባዮስ እየሄደ እንደሆነ እዩ።

ካሴት የሚገባባቸው የድሮ ማሽኖች ላይ ይህ ሁሉ ጣጣ የለም። ሱፐር ኒንቴንዶና ሴጋ ሜጋድራይቭ ሲበሩ ፕሮሰሰሩ በቀጥታ ካሴቱ ላይ ያለውን ቺፕ ማንበብ ይጀምራል። ጌሙ ራሱ የሚያስፈልገውን ሁሉ ይዞ መጥቷል። የእነሱ ኢሙሌተር ባዮስ የማይጠይቀው ለዚህ ነው። ሲዲ ሲመጣ ነገሩ ተቀየረ። ሲዲ እንደ ካሴት ቺፕ ፕሮሰሰሩ በቀጥታ የሚያነበው ነገር አይደለም። ሞተር ይሽከረከራል፣ ሌንስ ይንቀሳቀሳል፣ ፋይል ይፈለጋል። ያንን ሁሉ የሚመራ ፕሮግራም ከሲዲው በፊት ማሽኑ ውስጥ መኖር አለበት። ሴጋ ሲዲ፣ ሳተርን፣ ድሪምካስትና ፕሌይስቴሽን ሁሉ ባዮስ ያላቸው በዚህ የተነሳ ነው።

መስመሩን ያሰመረው ክርክር

ባዮስ ላይ የተደረገው ትልቁ ክርክር ፍርድ ቤት ነው የታየው። ታሪኩን በደንብ ማወቅ ይገባናል፤ ዛሬ የምንጠቀምባቸው ኢሙሌተሮች በሰላም የሚኖሩት በከፊል በእሱ ምክንያት ነው።

በ1999 ኮኔክቲክስ የተባለ የካሊፎርኒያ ኩባንያ ቨርቹዋል ጌም ስቴሽን የሚል ፕሮግራም አወጣ። የፕሌይስቴሽን ጌም በማኪንቶሽ ኮምፒውተር ላይ ያጫውታል። ልብ በሉ፤ ፕሌይስቴሽን 2 ገና ገበያ ላይ አልነበረም። ፕሌይስቴሽን 1 ሶኒ በየቀኑ የሚሸጠው ማሽን ነው። ሶኒ ወዲያው ከሰሰ።

የኮኔክቲክስ መሐንዲሶች ያደረጉት ይህን ነው። ፕሌይስቴሽን ገዙ። ባዮሱን ከቺፑ አወጡ። ኮምፒውተር ላይ እየገለበጡና እያስሄዱ አጠኑት። ጌሙ ምን እንደሚጠይቅ፣ ባዮሱ ምን እንደሚመልስ ሲገባቸው የራሳቸውን ጻፉ። ለገዢ በቀረበው ፕሮግራም ውስጥ የሶኒ ኮድ አልነበረም። ሶኒም ክርክሩን የመሠረተው በሥራው መሃል በተደረገው መገልበጥ ላይ ነው። ለጥናትም ቢሆን መገልበጥ መገልበጥ ነው የሚል ክርክር ነው።

የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ሽያጩን አገደ። ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ግን በ2000 መጀመሪያ እግዱን ሻረው። ምክንያቱን ቀለል አድርጌ ልንገራችሁ። የቅጂ መብት የሚጠብቀው የተጻፈውን እንጂ አሠራሩን አይደለም። ባዮሱ ውስጥ ደግሞ ሁለቱም አብረው ታሽገዋል። አሠራሩን ለማወቅ ቺፑን ከመገልበጥ ሌላ የሚሆን መንገድ አልነበረም። ስለዚህ ለማጥናት ተብሎ የተደረገው መገልበጥ ተገቢ አጠቃቀም ነው ተባለ። ሶኒ በ2001 ፕሮግራሙን ራሱን ገዝቶ ከገበያ አወጣው። ውሳኔው ግን ጸንቶ ቀረ።

አካሄዱ ለኮምፒውተር ዓለም አዲስ አልነበረም። ኮምፓክ በ1980ዎቹ መጀመሪያ የአይቢኤምን ፒሲ ባዮስ ሥራ የሚሠራ የራሱን ባዮስ ከባዶ ጽፎ ነው ከአይቢኤም ጋር የሚስማማ ኮምፒውተር ያወጣው። ሌሎችም ተከተሉት። ዛሬ ከተለያየ ኩባንያ የተገዙ ኮምፒውተሮች ሁሉ አንድ ዓይነት ዊንዶውስ የሚጭኑት ከዚያ ጀምሮ በተከፈተው መንገድ ነው።

በ2018 ደግሞ ሶኒ ፕሌይስቴሽን ክላሲክ የምትባል ትንሽ ማሽን አወጣ። 20 የድሮ ጌሞች አሉባት። ውስጧ ጌሞቹን የሚያስኬደው ኢሙሌተር ያው ፒሲኤስኤክስ ሪአርምድ ነው፤ ክፍት ኮድ የሆነው፣ ስልካችን ላይ ያለው። ባዮሱ የሶኒ ስለሆነ ሶኒ አብሮ አስገብቶታል። ለእነዚያ ገንቢዎች ከዚህ የበለጠ ምስክርነት ያለ አይመስለኝም።

ባዮስ ማውጣት ሁልጊዜ እንደ ፕሌይስቴሽኑ ቀላል አይደለም። ጌም ቦይን ውሰዱ። ማስነሻ ፕሮግራሙ 256 ባይት ብቻ ነው። ካሴቱ ላይ ያለውን የኒንቴንዶ ምልክት ማሽኑ ውስጥ ካለው ጋር ያመሳክራል። ካልተመሳሰለ ጌሙን አያስነሳም። ከተመሳሰለ ደግሞ ሥራውን ጨርሶ ራሱን ይዘጋል፤ ከዚያ በኋላ ማንም ፕሮግራም ሊያነበው አይችልም። በዚህ ምክንያት ለብዙ ዓመታት ማንም አላገኘውም። በመጨረሻ አንድ ሰው የቺፑን ሽፋን አንስቶ እያንዳንዱን ቢት በማይክሮስኮፕ እያየ አነበበው። 2,048 ነጥቦች ናቸው። አንድ በአንድ።

ፋይሉ ትክክል መሆኑን በምን ታውቃላችሁ?

አሁን ወደ እጃችሁ ላይ ወዳለው ፋይል እንምጣ። መጀመሪያ መጠኑን እዩ። የፕሌይስቴሽን 1 ባዮስ ልክ 524,288 ባይት ነው። የፕሌይስቴሽን 2 ዋናው ፋይል 4,194,304 ባይት ነው። የጌም ቦይ አድቫንስ 16,384 ባይት ነው። አንድ ባይት ቢበልጥ ወይም ቢያንስ ችግር አለ። የፕሌይስቴሽን 2 ባዮስ ተብሎ 80 ሜጋባይት የሚሆን ነገር ከተላከላችሁ ባዮስ አይደለም፤ ወይ ብዙ ፋይል አንድ ላይ ታስሮበታል፣ ወይ ሌላ ነገር ነው። ከሁሉ በላይ ደግሞ ይህን ያዙልኝ፤ ባዮስ አፕ አይደለም። ስልካችሁ ላይ ኢንስቶል አድርጉት የሚል ባዮስ ካጋጠማችሁ አትንኩት። ባዮስ ኢንስቶል አይደረግም። ፎልደር ውስጥ ይቀመጣል፣ ኢሙሌተሩ ያነበዋል፣ በቃ።

መጠኑ ልክ ሆኖ ውስጡ የተበላሸ ፋይልም አለ። ለዚህ የፋይል አሻራ የሚባል ነገር አለ። ኤምዲ5 የሚባለው ስሌት ከፋይሉ ውስጥ 32 ፊደልና ቁጥር ያወጣል። ፋይሉ ውስጥ አንዲት ነገር ብትቀየር አሻራው ፈጽሞ ሌላ ይሆናል። የኢሙሌተሮቹ መመሪያ ትክክለኛውን አሻራ ጽፎ ያስቀምጣል። አሻራ የሚያወጣ ነፃ አፕ ለስልክም ለኮምፒውተርም አለ። ሁለቱን ማስተያየት ጊዜ አይፈጅም፤ ብዙ ድካም ግን ያድናል።

ስሙም ወሳኝ ነው፣ በተለይ ሬትሮአርች ላይ። ሬትሮአርች «ሲስተም» የሚል ፎልደር አለው። እዚያ ውስጥ የሚፈልገው ስም እንደተጻፈው መሆን አለበት። አንድሮይድ ላይ ትልቅና ትንሽ የእንግሊዝኛ ፊደል ሊለያይ ስለሚችል የፕሌይስቴሽን 1 ባዮስን ስም ሁሉንም በትንንሽ ፊደል ጻፉት። ሲያወርዱት መጨረሻው ላይ «1» በቅንፍ የተጨመረበት ፋይል አይታወቅም። ልጆች ይዘውልኝ ከሚመጡት ችግር ብዙው ይኼው ነው። ፋይሉ ትክክል፣ ቦታው ትክክል፣ ስሙ ላይ አንዲት ቅንፍ።

ሌላው ሪጅን ነው። ሶኒ ለጃፓን፣ ለአሜሪካና ለአውሮፓ የተለያየ ባዮስ ነው የሠራው። ፕሌይስቴሽን 1 ላይ ይህን ከማሽኑ ሥር ካለው ስቲከር ታውቁታላችሁ። ኤስሲፒኤች ከሚለው ቀጥሎ ያለው ቁጥር መጨረሻ 0 ከሆነ የጃፓን ነው፣ 1 የአሜሪካ፣ 2 የአውሮፓ። 5500፣ 5501፣ 5502 የሚባሉት ፋይሎች ከዚህ የመጡ ናቸው። የጃፓንና የአሜሪካ ማሽን በሰከንድ ወደ 60 ምስል ያወጣል። የአውሮፓው፣ ፓል የሚባለው፣ 50 ነው። የእኛ አገር ቴሌቪዥንም ለዓመታት በፓል ነበር የሚሠራው። ብዙዎቹ ጌሞች ወደ አውሮፓ ሲመጡ ፍጥነታቸው በደንብ ስላልተስተካከለ ወደ 17 በመቶ ቀርፋፋ ሆነዋል። የአንድ ጌም የአሜሪካና የአውሮፓ ቅጂ ካላችሁ የአሜሪካውን ከአሜሪካ ባዮስ ጋር ምረጡ። ልዩነቱ እጅ ላይ ይታወቃል።

ከየት ይምጣ?

የእኔ አቋም ግልጽ ነው። ባዮስ ከራስ ማሽን ይወጣል። የአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምንም ይጠብቃል፤ ይህ ቁጥር ላይ ያለው ዓመት በእኛ አቆጣጠር ነው። ፕሮግራሙን በሕጋዊ መንገድ የያዘ ሰው ለመጠባበቂያ አንድ ቅጂ እንዲያዘጋጅም ቦታ ሰጥቷል። ማሽኑ ቤታችሁ ካለ ከእሱ የምታወጡት ቅጂና ከማታውቁት ሰው የምታወርዱት ፋይል አንድ አይደሉም። የመጀመሪያው የራሳችሁ ነው፣ ንጹሕ መሆኑንም ታውቃላችሁ።

አዳማ ላይ ይህ የሚቻል ነገር ነው። በየሰፈሩ ፕሌይስቴሽን ቤት የነበረበት ጊዜ ሩቅ አይደለም። እነዚያ ማሽኖች አልጠፉም። ቆጥ ላይ፣ አልጋ ሥር፣ የጥገና ቤት ጥግ ላይ አሉ። ሰው «ሞቷል» ይላችኋል። ብዙውን ጊዜ የሞተው ሌንሱ ነው። ሲዲ አያነብም። የባዮሷ ቺፕ ግን የሚንቀሳቀስ ነገር የላትም፣ በአቧራና በመሽከርከር አታልቅም። ሲዲ የማያነብ ፕሌይስቴሽን 2 ባዮሱ ሙሉ ነው። ይህን እየጻፍኩ ያለሁትም ባለቤቶቹ ለቆራሌው ሲሰጧቸው ስለማይ ነው። እባካችሁ አትስጡ።

ፕሌይስቴሽን 2 ላይ እንዲህ ይሠራል። ፍሪ ማክቡት የተጫነበት ሜሞሪ ካርድ ያስፈልጋል። ይህ ካርድ ሲገባ ማሽኑ ከሲዲ ሌላ የራሳችንን ፕሮግራም እንዲከፍት ያደርገዋል። አንድ ሰው ካርዱን ካዘጋጀ ሰፈሩን ሁሉ ያዳርሳል፤ ለሁሉም መግዛት አያስፈልግም። በመጨረሻ በወጡት አንዳንድ የ90000 ተከታታይ ማሽኖች ላይ ብቻ አይሠራም። ቀጥሎ ፋት32 ሆኖ ፎርማት የተደረገ ፍላሽ ላይ ባዮስድሬይን የሚባለውን ነፃ ፕሮግራም ትጭናላችሁ። ፍላሹን ማሽኑ ፊት ያለው የዩኤስቢ ቀዳዳ ላይ ሰክታችሁ ፕሮግራሙን ትከፍታላችሁ። የማሽኑ ዩኤስቢ የድሮው ቀርፋፋ ዓይነት ስለሆነ ታገሱት። ሲጨርስ ፍላሹ ላይ ጥቂት ፋይሎች ታገኛላችሁ። 4 ሜጋባይቱ ዋናው ባዮስ ነው። ከትንንሾቹ አንዷ የማሽኑን ቋንቋና ሰዓት የመሰለ ማስተካከያ የያዘች ናት። ሁሉንም አብራችሁ አስቀምጡ፣ አትለያዩዋቸው። ከዚያ ኮምፒውተር ላይ ፒሲኤስኤክስ 2፣ ስልክ ላይ ደግሞ ኤተርኤስኤክስ 2 ባዮስ በሚለው ቦታ ይቀበሏቸዋል። የኤተርኤስኤክስ 2 ሠሪ በ2023 መጀመሪያ ሥራውን አቁሟል፤ ስለዚህ በዚህ ስም አዲስ እትም ወጣ የሚላችሁን ሰው ቶሎ አትመኑ።

ፕሌይስቴሽን 3 ላይ ነገሩ ቀላል ነው። ሶኒ ለማሽኑ ባለቤቶች ማሻሻያ ብሎ ሙሉ ፈርምዌሩን በራሱ ድረ ገጽ በነፃ ያስቀምጣል። አርፒሲኤስ 3 የሚባለው ኢሙሌተር ያንኑ ፋይል ነው የሚጠይቀው። ከሌላ ቦታ መፈለግ አያስፈልግም። ኒንቴንዶ ስዊች ግን ሌላ ዓለም ነው። እዚያ ጥያቄው ፈርምዌር ብቻ ሳይሆን ጌሞቹን የሚከፍት ሚስጥራዊ ቁልፍ ጭምር ነው። ዩዙ የተባለው ኢሙሌተር ሠሪዎች በ2024 ከኒንቴንዶ ጋር በ2.4 ሚሊዮን ዶላር ተስማምተው ሥራውን ዘግተዋል። የኮኔክቲክስን ውሳኔ ይዞ ሁሉም ማሽን ላይ ያው ነው ብሎ ማሰብ ስህተት ነው።

ኒንቴንዶ ዲኤስ ያላችሁ ደግሞ አንድ ጥንቃቄ አድርጉ። የዲኤሱ ፈርምዌር ፋይል 256 ኪሎባይት ነው። ውስጡ ባለቤቱ ማሽኑ ላይ የጻፈው ስም፣ የልደት ቀንና የዋይፋይ ማስተካከያ አለ። ያንን ፋይል ለሰው መስጠት የራስን መረጃ መስጠት ነው። የእናንተ ብቻ አድርጋችሁ ያዙት። ሜሎንዲኤስ የሚባለው ኢሙሌተር የራሱ ነፃ ተተኪ ስላለው ለብዙ ጌም ያም ይበቃል።

ማሽኑ የሌላችሁስ? ለፕሌይስቴሽን 1 ነፃዎቹን ተተኪዎች ሞክሩ። ለጌም ቦይ አድቫንስ ኤምጂቢኤ የሚባለው ኢሙሌተር ያለ ባዮስ ፋይል ጥሩ ይሠራል። ለፒኤስፒ ምንም አያስፈልግም። ለፕሌይስቴሽን 2 ግን አጥጋቢ ተተኪ የለም፤ እውነተኛው ያስፈልጋል። ዘመድ ቤት ወይም ጥገና ቤት የተጣለ ማሽን መጠየቅ ከማንኛውም የቴሌግራም ፋይል ይሻላል። ሌንሱ የተበላሸ ማሽን በርካሽ ይገኛል፣ አንዳንዱ በነፃ ይሰጣል።

ባዮሱን ስታወጡ በዚያው እግራችሁ ሜሞሪ ካርዶቹንም ገልብጡ። ፍሪ ማክቡት ካርዱ ላይ ብዙ ጊዜ አብሮ የሚመጣው ዩላውንችኤልፍ የተባለው ፋይል ማንቀሳቀሻ ሴቮቹን ወደ ፍላሽ ይገለብጣል። ካርዱን ሁለተኛው ቀዳዳ ላይ ሰክታችሁ የምትፈልጉትን የጌም ፎልደር መርጣችሁ ኮፒ በሉ፣ ፍላሹ ላይ ፔስት አድርጉ። የድሮ ካርዶች ሊበላሹ ስለሚችሉ ከባዮሱ በፊት እነሱን ብትቀድሙ ይመረጣል።